የአባቴ ባዘቶ

በአሥራ ሁለት ዓመቴ አንዲት ኔቡላ ፈጠርኩ። አገኘሁ አላልኩም፤ ማግኘት ቴሌስኮፕ ያላቸው ሰዎች ሥራ ነው። እኔ ዋሽቼ ነው የፈጠርኳት። ኋላ ነፍስ ሳውቅ ቤተ መጻሕፍት ገብቼ የኔቡላዎችን ዝርዝር ከላይ እስከ ታች አገላብጫለሁ፤ የለችም። አቃቂ ባቡር ጣቢያ ዙሪያ ግን ለሁለት ዓመት ያህል ነበረች፤ ስም ወጥቶላት፣ ተዘፍኖላት፣ ሻይ ቤት ተሰይሞላት።

አባቴ በዚያ ጣቢያ ሐዲድ አስቀያሪ ነበር። ባቡር ሲመጣ በየትኛው መስመር እንደሚገባ የሚወስነውን ከባድ ብረት የሚገፋ፣ ሲመሽ ደግሞ የምልክት መብራቱን ቀይ ነው አረንጓዴ ብሎ አይቶ ፋኖሱን የሚያወዛውዝ ሰው ማለት ነው። የምንኖርባቸው ሁለት ክፍሎች ጣቢያው ግቢ ውስጥ ስለነበሩ ቤቱ የሥራው እንጂ የኛ አልነበረም። እናቴ ይህን እንድንረሳው አትፈልግም። "የዚህ ቤት ምሰሶ የአባትሽ ዓይን ነው" ትለኝ ነበር።

ምሰሶው መነቃነቅ የጀመረው በበጋው አጋማሽ ላይ ነው። አንድ ቀን አባቴ የጣቢያው ሹም ካፖርት ሚስማር ላይ ተሰቅሎ አየና ቆቡን አንስቶ "እንደምን ዋሉ ጌታዬ" አለው። ካፖርቱ ዝም ሲለው ከፋው። "ሹሙ ዛሬ አኩርፈውኛል፤ ምን አጥፍቼ ይሆን?" እያለ ምሳውን በወጉ ሳይበላ ተነሳ። ሌላ ቀን ደግሞ የጎረቤት ጥጃ እኔን መስላው ከትምህርት ቤት ለምን እንደዘገየች ጠየቃት። እናቴና እኔ በሳቅ ፈረስን፤ ከዚያ ተያየንና ሳቁን ተውነው።

የጣቢያው ሰዎች ለዓይን ያዝ ሲያደርግ ግቢው ውስጥ በተከመሩት አሮጌ የሐዲድ እንጨቶች ላይ ተቀምጠው የምሽቱን ባቡር ይጠብቁ ነበር። ሥራ የፈታ የሰፈር ሰውም ይቀላቀላቸዋል። ያን ዕለት አባቴ፣ እናቴ፣ የጣቢያው ሹም፣ እኔና ጥጥ ፋብሪካ የምትሠራው ጎረቤታችን ነበርን። ጎረቤታችን ከፋብሪካ ስትወጣ ፀጉሯ ላይ የጥጥ ብናኝ ይዛ ትመጣለች፤ ማሽኖቹ ሲቆሙ አብሮ የማይቆም አፍ ነበራት። አባቴ ከውሃው ማማ በላይ ብቅ ያለችውን አንዲት ደማቅ ኮከብ ሲያይ ቆየና፣

"ያቺ ኮከብ ምን ሆና ነው እንዲህ ጥጥ የለበሰችው?" አለ።

ጎረቤታችን ቀና ብላ አየች። "የምን ጥጥ ነው ጋሼ? ጥጡስ ያለው እኔ ራስ ላይ ነው!"

ሹሙ ሲጋራቸውን ከአፋቸው አወጡ። ኮከቧን አዩ፤ ከዚያ አባቴን አዩ። አባቴን ያዩበት ጊዜ ረዘመብኝ። እናቴ የምትፈለፍለውን እሸት ሽምብራ ትታ እጇን ጭኗ ላይ አሳረፈች።

"ኔቡላ ናት" አልኩ።

ቃሉን የተማርኩት በዚያው ሳምንት ነው። የሳይንስ መምህራችን፣ በሰማይ የጋዝና የአቧራ ደመና እንዳለ፣ ኔቡላ እንደሚባልና ከዋክብት እዚያ ውስጥ እንደሚወለዱ አስጽፈውን ነበር። አዲስ ቃል ስለነበረ አፌ ላይ ጣፍጦኝ ሰንብቷል።

"መምህራችን ነግረውናል" አልኩ ቀጥዬ፤ "ከዋክብት የሚወለዱበት ደመና ነው። የሚያዩት ግን በጣም ጥሩ ዓይን ያላቸው ሰዎች ብቻ ናቸው።"

ይህችን የመጨረሻዋን መምህሩ አላሏትም። እሷ የራሴ ናት። በዕድሜዬ ከዋሸሁት ሁሉ የምኮራባት ውሸት እሷ ነበረች፤ የማፍርባትም እሷው።

ሹሙ ጉሮሯቸውን ጠራረጉ። ፈረንሳይኛ የሚችሉ፣ ቢሯቸው ውስጥ የግድግዳ ካርታ የሰቀሉ ሰው ናቸው፤ አንዲት ተማሪ ልጅ የምታውቀውን አላውቅም ሊሉ አይችሉም። "ኔቡሌዝ!" አሉ። "በርግጥ! ይኸውና ትታየኛለች፤ ከቀኝ በኩል።"

"እኔስ መች አላየሁም አልኩ?" አለች ጎረቤታችን ወዲያው። "ባዘቶ አይደለም እንዴ የምትመስለው! ልክ ተበጥሮ ሲወጣ!"

ለፈታይ የተበጠረ ለስላሳ ጥጥ ባዘቶ ይባላል። ኔቡላ የሚለው ቃል ለብዙ ምላስ አይመችም ነበርና ስሟ በዚያው ባዘቶ ሆኖ ቀረ። እናቴ ከእሸቱ አንድ ጭብጥ አንስታ ሰጠችኝ፤ ምስጋና መሆኑ ገባኝ።

በሁለት ሳምንት ውስጥ ባዘቶን ያላየ ሰው ከሰፈሩ ጠፋ። ዓይኔ ደካማ ነው ብሎ የሚመሰክር ማን አለ? ከሳሪስ አቦ ድረስ በእግራቸው መጥተው፣ አይተው፣ ተደንቀው የተመለሱ ነበሩ። ጣቢያው በር ላይ ያለው ሻይ ቤት ሰማያዊ ቀለም ተቀብቶ "ባዘቶ ሻይ ቤት" ተባለ፤ ሰዓሊው ኮከቧን ሲስላት በግ አስመስሏት ነበር፤ ማንም ቅር አላለውም። የዳግም ትንሣኤ ሰሞን በተደረገ ሠርግ ላይ የጥጥ ፋብሪካው ሴቶች ጎረቤታችንን ፊት አድርገው፣

ከሰማይ ባዘቶ ፈትላ የለበሰች፣
የኛማ ሙሽራ ይኸው ብቅ አለች፣

ብለው አጨበጨቡ። የግጥሙ ባለቤት ማን እንደሆነ እስካሁን የሚጨቃጨቁ አሮጊቶች አሉ።

አባቴ የባዘቶ ባለሥልጣን ሆነ። ሁሉም አይቻለሁ ቢልም ለውጧን በትክክል የሚናገረው እሱ ብቻ ነበር። "ጋሼ፣ ባዘቶ ዛሬስ እንዴት ናት?" ይሉታል፤ እሱም ዓይኑን ጠበብ አድርጎ፣ "ዛሬ ሰፋ ብላለች። በግራ በኩል ብቻ ትንሽ ቀጠን ትላለች" ይላል። ሰዉ በመስፋቷ ደስ ይለዋል። ሰፋ ስትል ዝናብ አለ የሚሉም ተነሡ፤ አንዳንዴም ይዘንብላቸው ነበር። ባዘቶ ሰፋች በተባለ ቁጥር ግን እናቴ እራት አይበላላትም። እኔም ድርሻዬን ለነገ አስቀምጥ ነበር፤ እኛ ሁለታችን የምትሰፋው ምን እንደሆነች እናውቃለንና።

ወሬው መምህራችን ዘንድ ደረሰ። አንድ ምሽት መጡ። ቀና አሉ፣ መነጽራቸውን አወለቁ፣ ጠርገው መልሰው አደረጉ፣ እንደገና ቀና አሉ። ሰዉ ሁሉ አፋቸውን ይጠብቃል። "የሚገርም ሰፈር ነው" ብለው አለፉት። ከዚያ ወደ አባቴ ዞረው ባዘቶን ወረቀት ላይ እንዲሥልላቸው ለመኑት። አባቴ በእርሳስ አንድ ነጥብ፣ በነጥቡ ዙሪያ በግራ በኩል ቀጠን ያለ ብናኝ ክብ ሣለ። መምህሩ ሥዕሉን አዩትና "ሌሎቹ ከዋክብት ላይስ?" አሉት።

"ሌሎቹም ላይ ልጆቿ አሉ" አለ አባቴ፣ ደስ ብሎት።

መምህሩ ሲሄዱ እስከ በሩ ሸኘኋቸው። ለእኔ ብቻ በሚሰማ ድምፅ፣ "እኔ አላየኋትም" አሉኝ። በዚያ ሁሉ ጊዜ ይህን የተናገሩ ብቸኛ ሰው ናቸው። "ኔቡላ ሰማይ ላይ ነው የሚኖረው ልጄ። ምድር ላይ ያለ መብራት ላይ ከታየ ግን ኔቡላ አይደለም። እስቲ አባትሽን ጠይቂው" አሉና ሥዕሉን እጄ ላይ ትተውልኝ ሄዱ።

በማግሥቱ ከሥራ ሲመለስ ጠበቅኩት። "አባባ፣ የምልክት መብራቱ ላይስ ባዘቶ አለች?"

"እሱ ላይማ ምን ትጠይቂኛለሽ! ዋናዋ እዚያ ናት። አንዳንዴ ቀይ ትለብሳለች፣ አንዳንዴ አረንጓዴ።"

"ታዲያ የትኛውን እንደለበሰች በምን ታውቃለህ?"

"በሰዓቱ አውቃለሁ። በባቡሩ ድምፅ አውቃለሁ።" ድምፁን ዝቅ አደረገ። "መጀመሪያ ላይ ዓይኔ እየጠፋ መስሎኝ ነበር፤ ለእናትሽ እንዳትነግሪ። ከውሃ ማማው ሥር ቁጭ ብዬ አልቅሻለሁ። አንቺ ኔቡላ ናት ስትዪ እፎይ አልኩ። ተምረሽ ባትነግሪኝ ምን ይውጠኝ ነበር?"

እኔ የዋሸሁት ሹሙን ለማታለል ነበር። አባቴም እያወቀ ዝም ያለ ነበር የመሰለኝ። ለካ ከሰፈሩ ሁሉ ከልቡ ያመነኝ እሱ ነው። ሌላው ሰው ያላየውን አየሁ ሲል፣ እሱ ያየውን በኔ ቃል ኔቡላ አድርጎ ተቀምጧል፤ እዚያ ፋኖስ ይዞ በሚቆምበት ቦታ በየምሽቱ ሰው የሞላው ባቡር ያልፋል። ፈራሁ። እንዲያ ፈርቼ አላውቅም።

"ዋሽቼ ነው" አልኩት። "ኔቡላ የለችም አባባ። እኔ ነኝ የፈጠርኳት።"

አባቴ ሳቀ። "ሹሙ አይተዋት የለም እንዴ? ሰው ሁሉ አይቷት የለም? አንቺ አሁን ተነሥተሽ የለችም ብትዪ ማን ይሰማሻል!"

እውነትም የሚሰማኝ አልተገኘም። ለጎረቤታችን ብነግራት ተቆጣች። "አንቺ ስላላየሻት የለችም ማለት ነው? ስሟን ያወጣሁት እኮ እኔ ነኝ!" አለችኝ። የሻይ ቤቱ ባለቤት ከበሩ አባረረኝ። የፈጠርኳትን ኔቡላ ላጠፋት አልቻልኩም።

በእውነት ያልሆነልኝን ወደ ውሸት መለስኩት፤ በዚያ በኩል የበለጠ ችሎታ ነበረኝ። መምህሩን አማከርኳቸው፤ ትንሽ አመነቱና ደብዳቤ ጻፉልኝ። ደብዳቤው፣ ይህን የመሰለ ነገር ለረጅም ጊዜ ያየ ዓይን በሐኪም ቢመረመር ለዕውቀት ይጠቅማል የሚል ነበር። ልብ ብሎ ላነበበው አንድም ሐሰት የለበትም። አባቴ ሲነበብለት ደረቱን ነፋ። የክት ኮቱን ለብሶ፣ ሹሙን አስፈቅዶ፣ በጠዋቱ ባቡር ለሳይንስ ሲል ከተማ ሄደ።

ሲመለስ ጣቢያው ላይ ግማሽ ሰፈር ይጠብቀዋል። አባቴ ከፉርጎው ሲወርድ ፊቱ ልክ አልነበረም። የያዘውን ወረቀት ሹሙ ከእጁ ተቀብለው ጮክ ብለው አነበቡ። "የሞራ ግርዶሽ። ማክሰኞ ከጠዋቱ ሦስት ሰዓት። በባዶ ሆድ።"

ግርዶሽ ሲባል ሰፈራችን የሚያውቀው የፀሐይን ነው።

"ግርዶሽ!" ብላ ጮኸች ጎረቤታችን። "ማክሰኞ ሊጨልም ነው!"

"ሞራ ያለውስ ምንድን ነው?" አለ አንዱ።

"ምን ይጠየቃል! የበጉ ሞራ ሆዱን እንደሚሸፍነው ባዘቶም ፀሐይን ልትሸፍናት ነዋ!"

"በባዶ ሆድ ይላል እኮ።"

"እንጾማለን!"

በአምስት ደቂቃ ውስጥ ተወስኖ አለቀ። አባቴ እጄን ያዘ፤ አያያዙ እንደ ወትሮው አልነበረም፤ አስጠግቶ ነው። ወደ ቤት ስንሄድ በሌላ እጁ ዓይኑን ጠቆመኝ። "ባዘቶ ያለችው እዚህ ነው አሉኝ። ሐኪሙ ስለ ኔቡላዋ ስነግረው ሳቀ፤ ከዚያ ይቅርታ ጠየቀኝ።" ትንሽ ሄድን። "ለምን አልነገርሽኝም?"

"ነግሬህ ነበር።"

"አዎ" አለ። "ነግረሽኝ ነበር።"

ቤት ገብቶ ኮቱን እንኳ አላወለቀም፤ ፋኖሱን አንስቶ ወደ ሹሙ ቢሮ ሄደ። እናቴ በሩን ተደግፋ ቆመች፤ ክፍሎቹን ዞር ዞር ብላ አየቻቸውና እንድከተለው በዓይኗ ነገረችኝ። ሹሙ ዘንድ ስንገባ አባቴ ፋኖሱን ጠረጴዛው ላይ አስቀመጠ።

"ጌታዬ፣ ባዘቶ ያለችው ዓይኔ ላይ ነው። ይህን ከእንግዲህ መያዝ አይገባኝም።"

ሹሙ ወንበራቸው ላይ ተስተካክለው ተቀመጡ። "እንግዲህ ደንቡ የታወቀ ነው" አሉ ቀስ ብለው። "ዓይኑ ላይ እንዲህ ያለ ነገር ያለበት ሰው ከሥራም ከቤትም..."

"እርስዎም እኮ ያዩዋታል ጌታዬ" አለ አባቴ። ምንም ተንኮል የለበትም፤ ለሰውየው አዝኖ ነው። "ያውም ከቀኝ በኩል። አብረን ብንታከምስ?"

ሹሙ ሳል ያዛቸው። ሲጋራ ፈለጉ፣ አገኙ፣ አላቀጣጠሉትም። አላየኋትም ቢሉ ሰፈሩ ፊት ያፍራሉ፤ አየኋት ቢሉ ደንቡ እሳቸውንም ይጨምራል። ወለሉን እያየሁ ከንፈሬን ነከስኩ።

"የኔዋ... ቀለል ያለች ናት" አሉ በመጨረሻ። "ስማ። ፋኖሱን ሌላ ሰው ይይዛል። አንተ ቀን ቀን ዕቃ ማስጫኛው ጋ ትሠራለህ። ቤቱ ይቆይ። ነገር ግን ይህ ጉዳይ ከዚህች በር እንዳይወጣ!"

ነገሩ ከበሩ ስላልወጣ ማክሰኞ ሰፈሩ ምንም ሳይቀምስ ተሰበሰበ። ጭስ ያጠቆረው የጠርሙስ ስባሪ የያዘ አለ፤ ፀሐይን በነጸብራቅ ሊያይ ሳፋ ውሃ ሞልቶ የከበበ አለ። መምህራችን ግርዶሽ እንደማይኖር ቢያውቁም፣ ይህን ያህል ሰው ባንድ ላይ ሰማይ የሚያይበት ቀን አይገኝም ብለው ተማሪዎቻቸውን ይዘው መጡ፤ በብርቱካንና በሎሚ የጨረቃንና የፀሐይን ነገር አስተማሩ። ከእኛ ክፍል ግርዶሽን ደህና አድርጎ የማያውቅ የለም፤ ያልነበረ ግርዶሽ ነው ያስተማረን።

ሦስት ሰዓት ሞላ። ፀሐይ ቁልጭ ብላ ትቃጠላለች። ሁሉም ወደ ላይ ሲያይ እኔ ብቻ ሐዲዱን አያለሁ። በዚያ ሰዓት አባቴ ከተማ ሐኪም ቤት ጋደም ብሎ ዓይኑ ላይ ቢላዋ ይዘውበት ነበር፤ እናቴም ክፍሉ በር ላይ ናት። እጃቸው እንዳይሳሳት ለመንኩ፤ ማንን እንደለመንኩ አላስታውስም። አራት ሰዓት ሲሆን ረሃቡ በረታ። ጎረቤታችን ጠርሙሷን ዝቅ አድርጋ፣ "ትንሽ ጨለም ያለ መሰለኝ" አለች። "አዎ፣ እኔም!" አሉ ሌሎቹ፤ ወደ ቁርሳቸው ተበተኑ።

አባቴ ከሦስት ሳምንት በኋላ የብርጭቆ ቂጥ የሚያህል መነጽር አድርጎ መጣ። ከፉርጎው እንደወረደ ሚስማር ላይ ያለውን ካፖርት አይቶ ሳይሰግድለት አለፈ። ሲመሽ እንጨቶቹ ላይ ተቀመጥን። ሰፈሩ ተሰብስቧል። አባቴ ከውሃው ማማ በላይ ያለችውን ኮከብ ለረጅም ጊዜ አየ፤ ምንም አልለበሰችም።

"ጋሼ፣ ባዘቶስ እንዴት ናት?" አለች ጎረቤታችን።

አባቴ እኔን አየኝ። ከዚያ ሹሙን፣ ከዚያ በሰማያዊ ቀለም የተቀባውን ሻይ ቤት አየ። "ሐዲድ አስቀይሬላት ሄዳለች" አለ። "መንገዷ ረጅም ነው።"

ጎረቤታችን አለቀሰች፤ የእውነት እንባ ነበር። ሹሙ በፈረንሳይኛ አንድ ነገር አሉ። አባቴ ጡረታ እስኪወጣ ዕቃ ማስጫኛው ጋ ሠራ፤ ቤቱን ማንም አልነካብንም። ባቡሩም ከጊዜ በኋላ ቆመ፤ ሐዲዱ ሣር በላው።

አሁን ገላን ኮንዶሚኒየም አራተኛ ፎቅ ላይ እኖራለሁ። ካለፈው ክረምት ጀምሮ የመንገዱ መብራት ጥጥ መልበስ ጀምሯል። ልጄ ሐኪም ቤት ወስዳኝ ወረቀት ሰጡን፤ የሞራ ግርዶሽ፣ በባዶ ሆድ ይላል። ቀጠሮውን በሁለት ሳምንት ይግፉልኝ ብዬ ስለምን ልጄ ተናደደች። "ምን ልትሆኚ ነው እማዬ? ነገ ደረጃ ላይ ብትወድቂስ?" አለችኝ። እውነቷን ነው። ግን ያቺን ኔቡላ ትታየኛለች እያልኩ ሁለት ዓመት ስምል አንድም ቀን አይቻት አላውቅም ነበር።

ሲመሽ በረንዳ ላይ እወጣለሁ። ቂሊንጦ ያሉ ፋብሪካዎች ሠራተኛ የሚያመላልሱባቸው አውቶቡሶች ሲያልፉ በየመብራታቸው ላይ ልጆቿን አያለሁ፤ ዋናዋ የመንገዱ መብራት ምሰሶ ላይ ናት። ትናንት በቀጠሮው ወረቀት ጀርባ ሣልኳት፤ አንድ ነጥብ፣ በዙሪያው ብናኝ ክብ። አባቴ የሣለውን ከሣጥኔ አውጥቼ ጎን ለጎን አደረግኋቸው። የኔዋ የምትቀጥነው በቀኝ በኩል ነው እንጂ ሌላው ሁሉ ያው ነው። አባባ፣ አየኋት።